ፊቱን ያወቅነው፣ ስሙን ያልጠየቅነው ሰው

ውድ አንባቢ፣ ልጅነትዎ ወይም ወጣትነትዎ በነቀምቴ፣ በጊምቢ፣ በነጆ፣ በመንዲ፣ በሻምቡ ወይም በደምቢ ዶሎ ያለፈ ከሆነ እንዲህ ያለውን ምሽት ሳያውቁት አይቀሩም። ከ1983 ዓ.ም. ለውጥ በኋላ ነው። ተዘግተው የቆዩ የጸሎት ቤቶች በራቸው ተከፍቷል፤ ወንጌል በአደባባይ ይሰበካል። በትምህርት ቤቱ ሜዳ ላይ ሁለት አጣና ይተከልና ነጭ አቡጀዲ ይወጠራል። ጄኔሬተሩ ጩኸቱ እንዳይረብሽ ራቅ ተደርጎ ይቀመጣል። እናቶች ነጠላቸውን ተከናንበው፣ አባቶች ከዘራቸውን ተደግፈው፣ ልጆች ሣሩ ላይ ተደርድረው ይጠብቃሉ። ከፊት ቦታ ያጣ ሰው ከአቡጀዲው ጀርባ ዞሮ ይቀመጣል፤ ከዚያም በኩል ምስሉ ይታያል፣ ግራው ቀኝ መሆኑ ብቻ ነው ልዩነቱ።

ከዚያ ጨለማው ውስጥ ጢሙ የረዘመ፣ ዓይኑ የረጋ አንድ ሰው ብቅ ይላል። አፉን ሲከፍት በአፋን ኦሮሞ ይናገራል። ሕፃናቱን ያቅፋል፣ ለምጻሙን ይዳስሳል፣ ጀልባ ላይ ቆሞ ማዕበሉን ይገሥጻል። ሲገረፍ ሜዳው በሙሉ ያለቅሳል። «ጎፍታ ኮ!» የሚሉ አሮጊት ድምፅ ከወዲያ ይሰማል፤ ጌታዬ ማለታቸው ነው።

ይህን ሰው ሁላችንም አይተነዋል። በኋላ በቪዲዮ ካሴት፣ ከዚያ በሲዲ፣ ዛሬ ደግሞ በእጅ ስልክ ላይ ሳይቀር አይተነዋል። ግን ማን ነው? ጌታ ኢየሱስ እንዳልሆነ እናውቃለን፤ ሰው ነው፣ ተዋናይ ነው። እንጀራው ትወና የሆነ፣ በሀገሩ መንገድ ሲያልፍ ብዙ ሰው ዞሮ የማያየው ተዋናይ።

የኦክስፎርዱ ልጅ

ስሙ ብራያን ዲከን ይባላል። እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 13 ቀን 1949 በእንግሊዝ አገር በኦክስፎርድ ከተማ ተወለደ። ኦክስፎርድ ሲባል ዩኒቨርሲቲው ትዝ ይልዎት ይሆናል፤ እርሱ ግን ሙያውን የጀመረው በከተማይቱ የወጣቶች ቲያትር ነው። ወንድሙ ኤሪክም እንደ እርሱ ተዋናይ ሆኗል።

በፊልም ሙያ ውስጥ ሁለት ዓይነት ሰዎች አሉ። አንደኛው ስሙ በፖስተሩ አናት ላይ የሚጻፍ፣ ሕዝቡ እርሱን ብሎ የሚመጣ ነው። ሁለተኛው ደግሞ ፊልሙ ያለ እርሱ የማይቆም፣ ሆኖም ወጥተን ስንሄድ «ያ እንኳን፣ ሠዓሊ ሆኖ የሠራው» ብለን የምናስታውሰው ነው። ወታደር፣ ሐኪም፣ ጎረቤት፣ አጎት ሆኖ ይሠራል። ዛሬ አንድ ክፍል የቴሌቪዥን ድራማ፣ ነገ መድረክ፣ ከዚያ ጥቂት ወራት ያለ ሥራ ስልክ መጠበቅ። ብራያን ዲከን አብዛኛውን ዕድሜውን የኖረው በዚህ በሁለተኛው ወገን ነው። እኛም አገር በውጭ ፊልም የሠሩ እንደ አንጋፋው ደበበ እሸቱ ያሉ አሉን፤ ደበበ በ1973 በወጣው «ሻፍት ኢን አፍሪካ» ውስጥ ተጫውቷል። ደበበን ግን ሕዝቡ በስሙ ያውቀዋል። የዲከን ነገር ከዚህ ይለያል።

ገና ሃያ ሦስት ዓመት ሲሆነው፣ እ.ኤ.አ. በ1972፣ ጥሩ ዕድል ገጠመው። «ዘ ትሪፕል ኤኮ» በተባለው ፊልም ከግሌንዳ ጃክሰንና ከኦሊቨር ሪድ ጋር ተሰለፈ። ሁለቱም በጊዜው ዝናቸው የገነነ ነበሩ። ታሪኩ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ነው፤ ዲከን ከሠራዊቱ ከድቶ በአንዲት ገበሬ ሴት ቤት የሚደበቅ፣ እንዳይያዝም የሴት ልብስ ለብሶ እኅቷ መስሎ የሚኖር ወጣት ወታደር ሆኖ ነው የተጫወተው። ከባድ ሥራ ነው። ከዚህ በኋላ ዝነኛ ይሆናል ተብሎ ቢጠበቅ አይገርምም ነበር። ግን አልሆነም። በ1974 በአንድ ደም በሚመጡ ሙታን ላይ በተሠራ አስፈሪ ፊልም ውስጥ እናየዋለን፤ ቀጥሎ በቴሌቪዥን ድራማዎች፣ ስለ ጥንታዊት ሜክሲኮ ለልጆች በተሠራ ተከታታይ ውስጥ ጭምር። በ1978 «ሊሊ» በተባለው የእንግሊዝ ቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ፍራንክ ማይልስ የሚባለውን ሠዓሊ ሆኖ ሠራ። ውድ አንባቢ፣ ከእነዚህ ሥራዎች አንዳንዶቹን ከልጆችዎ ጋር ቁጭ ብለው እንዲያዩ አንመክርም፤ አስፈሪው ፊልምማ ፈጽሞ ለክርስቲያን ቤት የሚሆን አይደለም። የምንዘረዝራቸው ሰውየው ከየት እንደ መጣ እንዲያውቁ ነው። በዚህ ሁሉ መካከል ነው «ኢየሱስን ትሠራለህ?» የሚለው ጥያቄ የመጣለት።

የሉቃስ ወንጌል በካሜራ

ፊልሙ የተወለደው ከሁለት ሰዎች አሳብ ነው። አንዱ ጆን ሄይማን የተባለ የፊልም አዘጋጅ ነው፤ መጽሐፍ ቅዱስን ከዳር እስከ ዳር በፊልም የማውጣት ሕልም ነበረው። ሌላው ቢል ብራይት ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1951 በአሜሪካ ካምፓስ ክሩሴድ ፎር ክራይስት የተባለውን አገልግሎት የመሠረተ፣ በሀገራችንም ታላቁ ተልእኮ በሚባለው አገልግሎት በኩል ሥራው የታወቀ ሰው ነው። ሁለቱ የሉቃስን ወንጌል መረጡ። ወጪው ወደ ስድስት ሚሊዮን ዶላር ተጠጋ፤ ባለጠጎች የሆኑ ባልና ሚስት አማኞች፣ በንከርና ካሮላይን ሀንት፣ ትልቁን ድርሻ ሰጡ።

የፊልሙ ንግግር ከሉቃስ የተወሰደ ነው። ለተዋናይ ይህ ቀላል ነገር አይደለም። በሌላ ፊልም ውስጥ ንግግሩ ቢከብደው ደራሲውን «ይህችን ብትቀይርልኝ» ሊለው ይችላል። እዚህ ደራሲው ሉቃስ ነው! ሉቃስ ደግሞ ሁሉን ከመጀመሪያው በጥንቃቄ ተከታትሎ የጻፈ ሰው መሆኑን ራሱ በመጀመሪያው ምዕራፍ ይነግረናል (ሉቃ. 1፥1-4)። ዲከን የተሰጠውን ቃል መናገር ነበረበት፣ ሳይጨምርና ሳይቀንስ። በናዝሬት ምኵራብ ጥቅልሉን ተቀብሎ የሚያነብበትን ክፍል (ሉቃ. 4፥16-21) እንደገና ካዩት ድምፁን ከፍ አያደርግም፣ እጁን አያወራጭም። ቃሉ ራሱ እንዲሠራ ይተወዋል። ይህ ልከኝነት ለፊልሙ ትልቅ ጥቅም ሰጥቶታል ብለን እናምናለን። ስሙ የገነነ ኮከብ ተመርጦ ቢሆን ኖሮ ተመልካቹ ኮከቡን ያይ ነበር።

ሥራው የተካሄደው በእስራኤል ምድር ነው። ከዳይሬክተሮቹ አንዱ ፒተር ሳይክስ ይባላል፤ ይህ ሰው ከሦስት ዓመት በፊት፣ በ1976፣ ስለ ሰይጣን አምላኪዎች አስፈሪ ፊልም የሠራ ነበር። ሁለተኛው ጆን ክሪሽ ነው። ከዲከን በቀር ተዋንያኑ በአብዛኛው እስራኤላውያን ናቸው። ጴጥሮስን የሠራው ኒኮ ኒታይ፣ ዮሴፍን የሠራው ደግሞ ዮሴፍ ሺሎአክ ነው። ይህን ሁለተኛውን ሰው እርስዎ ሌላ ቦታ አይተውት ይሆናል። በየከተማው ቪዲዮ ቤት ሲታይ የኖረውን «ራምቦ 3» (1988) ያስታውሳሉ? እዚያ ውስጥ ካሊድ የተባለውን አፍጋናዊ የሠራው እርሱ ነው። ከቅዱስ ቤተሰብ ወደ ራምቦ! የዚህ ሙያ ሰው ሕይወት እንዲህ ነው፤ ዛሬ የጠራውን ሥራ ይሠራል፣ ነገ ሌላ ይጠራዋል።

ተራኪውንም አንርሳ። በእንግሊዝኛው ቅጂ ታሪኩን የሚተርከው አሌክሳንደር ስኮርቢ ነው፤ በ1913 በኒው ዮርክ ብሩክሊን ከግሪክ ስደተኞች የተወለደ። እርሱም በፊልም ውስጥ ጎን ለጎን የሚቆም ዓይነት ተዋናይ ነበር፤ በ1956 በወጣው «ጃያንት» ውስጥ አንድ ሜክሲኮአዊ ሽማግሌ ሆኖ ይታያል። ድምፁ ግን ሌላ ነገር ነበር። ለዓይነ ስውራን ሙሉውን መጽሐፍ ቅዱስ በድምፅ አንብቦ ቀርጿል፤ ከዚህም ሌላ ለእነርሱ ያነበባቸው መጻሕፍት ከአራት መቶ በላይ ናቸው። ወጋየሁ ንጋቱ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን በሬዲዮ ሲተርክ የሰማ ኢትዮጵያዊ አንድ ድምፅ ምን ያህል ልብ ውስጥ እንደሚቀር ማስረዳት አያስፈልገውም። ስኮርቢ በ1985 ዐረፈ።

ፊልሙ እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 19 ቀን 1979 በአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች ወጣ። በገበያው ላይ ያን ያህል አልቀናውም። ለተራ ፊልም ይህ የመጨረሻው ነው፤ ጥቅልሉ ወደ መጋዘን ይገባል፣ ሰውም ይረሳዋል። ነገር ግን ከ1981 ጀምሮ ፖል ኤሽልማን የመሩት ፕሮጀክት ፊልሙን በየሕዝቡ ቋንቋ መተርጐም ጀመረ። ዛሬ ከ2000 በላይ በሆኑ ቋንቋዎች ይገኛል፤ በዓለም በብዛት የተተረጐመ ፊልም ተብሎ በጊነስ መዝገብ ሰፍሯል። አማርኛና አፋን ኦሮሞም ከእነዚህ መካከል ናቸው። ዲከን በሌሎች ፊልሞችና ድራማዎች ለዓመታት ሠርቷል፤ በ1985 ከወንድሙ ከኤሪክ ጋር ሚስቶቻቸው በመኪና አደጋ የሞቱባቸው ሁለት ወንድማማቾች ሆነው የተጫወቱበት ፊልም በጥበብ ሰዎች ዘንድ ይነሣል። ይሁን እንጂ እነዚያን ሁሉ ያየ ሰው ቢሰበሰብ ኢየሱስን ሆኖ ካየው ሕዝብ ጋር አይወዳደርም።

በነቀምቴ የተሰማው ድምፅ

አሁን ወደ ሜዳችን እንመለስ። በነቀምቴ የታየው ፊት የዲከን ነው። የተሰማው ድምፅ ግን የእርሱ አይደለም። ዲከን የተናገረው በእንግሊዝኛ ነው። በአፋን ኦሮሞ የምንሰማው ስሙ በፖስተር ላይ ያልወጣ፣ ፊቱም ያልታየ የሀገራችን ሰው ድምፅ ነው። ፊቱ አንድ የማይታወቅ ሰው፣ ድምፁ ሌላ ይበልጥ የማይታወቅ ሰው!

ይህ ሥራ እንዴት እንደሚሠራ አስበው ያውቃሉ? ድምፅ ሰጪው በጠባብ ክፍል ውስጥ ማይክሮፎን ፊት ይቆማል። ምስሉ ይታየዋል። እንግሊዝኛው ዐረፍተ ነገር አራት ሰከንድ ከሆነ እርሱም በአራት ሰከንድ መጨረስ አለበት። የተዋናዩ ከንፈር ሲገጥም የእርሱም ቃል ከንፈር የሚያስገጥም ድምፅ፣ እንደ «መ» ወይም «በ» ያለ፣ ቢኖረው ይመረጣል፤ አለዚያ ሰውየው አፉን ዘግቶ የሚናገር ይመስላል። ደግሞ የቋንቋው ሥርዓት አለ። እንግሊዝኛ ግሡን ቶሎ ይናገራል፤ አፋን ኦሮሞም ሆነ አማርኛ ግሡን ወደ መጨረሻ ያስቀምጣሉ። የጠፋው ልጅ አባት (ሉቃ. 15) እጁን ዘርግቶ ለአገልጋዮቹ ትእዛዝ ሲሰጥ በእንግሊዝኛው ቃሉና እጁ ይገጥማሉ፤ በእኛ ግን ቃሉ ሳይደርስ እጁ ቀድሞ ይነሣል። ስለዚህ ተርጓሚው ዐረፍተ ነገሩን ያገላብጠዋል፣ ያሳጥረዋል፣ እንደገና ይሞክረዋል። ይህም ሁሉ ሲሆን የወንጌሉ ትርጉም እንዳይዛባ መጠንቀቅ አለ። በአፋን ኦሮሞ አናባቢው ሲረዝምና ሲያጥር የቃሉ ትርጉም ይለወጣል፤ አንዲት ስሕተት ሜዳውን ሙሉ ታስቃለች፣ በመስቀሉ ሥር!

እዚህ ላይ የወለጋ አንባቢ ልቡ ወደ አንዲት ሴት መሄዱ አይቀርም፤ የእኛም እንደዚያው ነው። ፊልሙ ሉቃስን በአፋን ኦሮሞ ከመናገሩ በፊት ሉቃስ በአፋን ኦሮሞ መጻፍ ነበረበት። ያን ያደረገው ኦኔሲሞስ ነሲብ መሆኑን ሁላችሁም ታውቃላችሁ። በልጅነቱ በባርነት የተሸጠ፣ በምፅዋ ነፃ የወጣ፣ በስዊድን የተማረ ሰው ነው። የልጅነት ስሙ ሂካ ነበር፤ ትርጉሙ ተርጓሚ ማለት ነው፣ ሥራውን ቀድሞ የተሸከመ ስም። አዲስ ኪዳኑ በ1893፣ ሙሉው መጽሐፍ ቅዱስ በ1899 እ.ኤ.አ. በግዕዝ ፊደል ታተመ። በ1904 ወደ ነቀምቴ መጣ፤ ሰኔ 14 ቀን 1923 ዓ.ም. እስካረፈ ድረስም ወለጋ ላይ አገለገለ።

ከጎኑ ግን አስቴር ጋኖ ነበረች። እርሷም በባርነት ተሽጣ በመርከብ ወደ ዓረብ አገር ስትወሰድ በ1886 የጣሊያን ባሕር ኃይል መርከቢቱን ይዞ ነፃ አወጣት። በምፅዋ አቅራቢያ በእምኩሉ በሚገኘው የስዊድን ሚስዮን ትምህርት ቤት ተማረች። ቋንቋዋን የምታውቀው እንደ ተማረ ሰው ብቻ ሳይሆን እንደ ምንጭ ልጅ ነበር። ኦኔሲሞስ ከሕዝቡ ተለይቶ የቆየው ገና ሕፃን ሳለ ስለ ሆነ ቋንቋው ከእጁ ሊያመልጥ የደረሰበት ጊዜ ነበር፤ የቃሉ ሀብት የተገኘው በአብዛኛው ከእርሷ ነው። ወደ 15,000 የሚጠጉ ቃላት የሰበሰበችበት መዝገበ ቃላት አዘጋጀች፤ ወደ 500 የሚሆኑ ዘፈኖችን፣ ተረቶችንና ምሳሌያዊ አነጋገሮችን ከቃል ወደ ጽሑፍ አሻገረች። በ1894 የታተመው የንባብ መጽሐፍ የሁለቱ ሥራ ነው። ከዚያ ወደ ነቀምቴ መጥታ ልጃገረዶችን ስታስተምር ኖረች፤ እ.ኤ.አ. በ1964 ዐረፈች።

በመጽሐፉ ላይ ጎልቶ የሚጠራው የኦኔሲሞስ ስም ነው። እርሱን ዝቅ ለማድረግ አይደለም ይህን ማለታችን፤ ባለውለታችን ነው። ግን ብራያን ዲከን በአፋን ኦሮሞ ሲናገር የሰሙ እናት «ልክ እንደ እኛ ይናገራል!» ብለው ሲደነቁ፣ ያን «እንደ እኛ» ከመቶ ዓመት በፊት ቃል በቃል የለቀመች ከባርነት የተረፈች ወጣት ነበረች። አዲሱ በቁቤ ፊደል የተዘጋጀው መጽሐፍ ቅዱስ በ1997 እ.ኤ.አ. ሲወጣም መንገዱ ቀድሞ ተጠርጓል። በዚያ ሜዳ ላይ ፊደል ያልቆጠሩ ብዙ ነበሩ። ለእነርሱ መጽሐፉን የሚያነብላቸው አቡጀዲው ነበር።

ሦስት ወር ያልሞላ ልዩነት

ቀኖቹን ስናስተያይ አንድ ነገር ልባችንን ነካው። ሐምሌ 21 ቀን 1971 ዓ.ም. ማታ የወንጌላዊት ቤተ ክርስቲያን መካነ ኢየሱስ ዋና ጸሐፊ የነበሩት ቄስ ጉዲና ቱምሳ በአዲስ አበባ ከአገልግሎት ሲወጡ ታፍነው ተወሰዱ፤ በዚያው ሌሊት ተገደሉ። የወለጋ፣ የቦጂ ልጅ ናቸው። በወጣትነታቸው በነቀምቴ ሆስፒታል ሠርተዋል። ፊልሙ በአሜሪካ የወጣው ጥቅምት 8 ቀን 1972 ዓ.ም. ነው። በመካከሉ ሦስት ወር እንኳ አልሞላም። በአንድ አገር ሰዎች ወንበር ላይ ተቀምጠው የኢየሱስን መያዝና ሞት በፊልም ሲያዩ፣ በሌላ አገር ያው የኢየሱስ አገልጋይ የት እንደ ተቀበሩ ቤተሰባቸው አያውቅም ነበር። አጽማቸው የተገኘው እ.ኤ.አ. በ1992 ነው። ባለቤታቸው ወ/ሮ ፀሐይ ቶሎሳ በዚያች ሌሊት አብረው ተይዘው ቢለቀቁም ጥቂት ቆይቶ ታሰሩ፤ ለዐሥር ዓመት ገደማ በእስር ማቅቀው ተፈቱ።

እንግዲህ ያን ሜዳ ያስቡት። በ1980ዎቹ አጋማሽ ፊልሙን ለማየት ከተቀመጡት መካከል ጸሎት ቤታቸው የታሸገባቸው፣ በመጽሐፍ ቅዱስ ምክንያት የታሰሩ፣ ወንድማቸው ወጥቶ ያልተመለሰላቸው ነበሩ። ወታደሮቹ በሌሊት ችቦ ይዘው ጌቴሴማኒ ሲገቡ (ሉቃ. 22፥47-54) ለእንግሊዝ ወይም ለአሜሪካ ተመልካች የጥንት ታሪክ ነው። ለእነዚያ ሰዎች ግን በር ሲንኳኳ የሰሙት ድምፅ ነው። ዲከን ሲገረፍ ያለቀሱት ፊልም መሆኑን ስላላወቁ አልነበረም።

ቤታችን ውስጥ

ስለዚህ ፊልም ስንነጋገር ሁለት ነገር ሳናነሣ ማለፍ አንወድም።

አንደኛው ሥዕሉን የሚመለከት ነው። በዓለም ዙሪያ ካሉ ወንጌላውያን መካከል የኢየሱስን መልክ ተዋናይ አይሥራው የሚሉ አሉ፤ ሁለተኛውን ትእዛዝ ይጠቅሳሉ (ዘጸ. 20፥4)። እኛ ፊልሙ ለብዙዎች የወንጌል በር እንደ ሆነ ስለምናውቅ አንቃወመውም። ግን ጥያቄው ባዶ አይደለም። ልጅዎ ዓይኑን ጨፍኖ ሲጸልይ የሚታየው የማን ፊት ነው? ብዙ ልጆቻችን የሚያዩት የዚህን የኦክስፎርድ ሰው ፊት ነው። መጽሐፍ ቅዱስ ስለ ጌታ መልክ የሚነግረን ነገር እጅግ ጥቂት ነው፤ ኢሳይያስ ጭራሽ እንድንወደው የሚስብ ውበት እንዳልነበረው ይናገራል (ኢሳ. 53፥2)። ስለዚህ ፊልሙን ከልጆችዎ ጋር ሲያዩ ሳይፈሩ «ይህ ሰው ብራያን ይባላል፤ ሥራው ይህ ነው፤ ጌታ ግን ሌላ ነው» ይበሏቸው። ልጆች ከምናስበው በላይ ይረዳሉ። ፊልሙ ካለቀ በኋላ ያንኑ ክፍል ከሉቃስ አብራችሁ ብታነቡ ይበልጥ ጥሩ ነው።

ሁለተኛው እናንተን ባለትዳሮችን የሚመለከት ነው። ፊልሙ ሲሠራ ዲከን ባለ ትዳር ነበር። ባለቤቱ ሩላ ሌንስካም ተዋናይት ናት፤ በ1976 በወጣ አንድ የቴሌቪዥን ድራማ ምክንያት በእንግሊዝ አገር ከእርሱ ይልቅ የምትታወቀው እርሷ ነበረች። በ1977 ተጋብተው በ1987 በፍቺ ተለያዩ። አንዲት ሴት ልጅ አለቻቸው። ይህን የምናነሣው ለሐሜት አይደለም፤ በሁለት ሰዎች ትዳር ውስጥ የሆነውን ከውጭ ሆኖ የሚፈርድ ማንም የለም። የምናነሣው ብዙ አማኞች ይህን ሲሰሙ «እንዴት? እርሱ እኮ ኢየሱስን የሠራ ነው!» ብለው ስለሚደነግጡ ነው። ቀሚሱን የለበሰ ሁሉ ሰውየውን የሆነ ይመስለናል።

ይህ ስሕተት በቲያትር ሰዎች ላይ ብቻ አይደለም የሚሠራው። መድረክ ላይ ማይክሮፎን የያዘውን ወንድም ቤቱ ሰላም እንደ ሆነ አድርገን እንቆጥረዋለን፤ ማንም አይጠይቀውም። ፊልሙን ጭነው ከነቀምቴ ወደ ጊምቢ፣ ከጊምቢ ወደ አይራ፣ በክረምት ጭቃ መኪና እየገፉ የሄዱ አገልጋዮች ነበሩ። ማታ ማታ ሌላ ሕዝብ፣ ሌላ ሜዳ። ቤት የቀረችው ሚስት ግን የታመመ ልጅ ይዛ፣ እህል አልቆባት፣ «አባባ መቼ ይመጣል?» ስትባል ታድራለች። ከሜዳው የተመለሰው ባል ስንት ሰው እጁን እንዳነሣ ሲነግራት ደስ ይላታል፣ እውነት ደስ ይላታል። ግን እርሷን ያለፈው ሳምንት እንዴት ነበር ብሎ የጠየቃት አለ? ጳውሎስ የቤተ ክርስቲያን መሪ ቤቱን በመልካም የሚያስተዳድር ይሁን ሲል (1ኛ ጢሞ. 3፥4-5) ቤቱን ከሜዳው አስቀድሞታል። ውድ ባል፣ ዛሬ ማታ ይጠይቋት። ውድ ሚስት፣ እርስዎም የደከሙበትን ይንገሩት፤ በልብዎ ይዘውት አይደሩ።

ብራያን ዲከን በአደባባይ ሰባኪ አልሆነም። ኢየሱስን ሆኖ ከሠራ በኋላም ወደ ድራማው፣ ወደ መድረኩና ወደ ትንንሾቹ ገጸ ባሕርያት ተመለሰ። ፊቱ ግን ያለ እርሱ መጓዙን ቀጠለ። በ2007 «ማግዳሌና» የሚል በሴቶች ሕይወት ላይ ያተኰረ ፊልም ሲዘጋጅ የእርሱ ቀረጻ እንደገና ጥቅም ላይ ዋለ፤ ለሕፃናት በተዘጋጀው ቅጂም ኢየሱስ እርሱ ነው።

በሜዳ ላይ ፊልሙ ሊያልቅ ሲል ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ነገር ይሆናል። የመጨረሻው ጸሎት ያልቃል፣ ሰባኪው ማይክሮፎኑን ያነሣል፣ ሰዎች ወደ ፊት መምጣት ይጀምራሉ፤ አንዱ ወጣት ነዳጅ እንዳያልቅ ወደ ጄኔሬተሩ ይሮጣል። የተዋንያኑ ስም ዝርዝር በእንግሊዝኛ ፊደል በአቡጀዲው ላይ ማለፍ የሚጀምረው ያን ጊዜ ነው። በሚቀጥለው ጊዜ ቤትዎ ሆነው ሲያዩት መቆጣጠሪያውን ለማንሣት አይቸኩሉ። ስሙ እዚያ አለ።